ከቤት እስከ ትምህርት ቤት ያለው መንገድ
(ስለ ቤተሰብ መለያየትና መገናኘት የቀረበ ትምህርት)

በዚህ ዓምድ አዘውትረን የምናቀርበው ስለ ትምህርት መርጃ መሣሪያ አሠራር ወይም ስለ ትምህርት ዕቅድ አወጣጥ ነው። የዛሬው ርእሳችን ለየት ይላል። መነሻችን በማስተማር ልምምድ ወቅት ያጋጠመን አንድ ነገር ነው። በአንድ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት ቤት የሁለተኛ ክፍልን የስም መዝገብ ስንሞላ አንድ ልጅ ተነሥቶ ስሙን ከነአባቱ ተናገረ። «የእናትህስ ስም?» አልነው። «እማዬ» አለ። ክፍሉ በሳቅ ተሞላ፤ እኛም፣ እውነቱን ለመናገር፣ ፈገግ አልን። «እሺ፣ ሰው ምን ብሎ ይጠራታል?» ብንለው «ማንም አይጠራትም፤ እዚህ የለችም» አለና ቁጭ አለ። በኋላ ስንጠይቅ ልጁ በግርግሩ ጊዜ ከእናቱ ተለይቶ ከአክስቱ ጋር እንደሚኖር ተነገረን። እኛ ግን በመዝገቡ ላይ የእናት ስም በሚለው ቦታ ሰረዝ አድርገን አልፈን ነበር። ይህን ጽሑፍ ያጻፈችን ያቺ ሰረዝ ናት።

ሰው ከቤተሰቡ የሚለየው በብዙ ምክንያት ነው። ሞት የሚያመጣውን መለያየት ለጊዜው እንተወው፤ እርሱ ለቅሶ ተደርሶ፣ ተዝካር ወይም ሰደቃ ወጥቶ መቋጫ የሚያገኝ ነገር ነው። እዚህ የምንነጋገረው በሕይወት እያሉ ስለ መለያየት ነው። ይኸኛው መቋጫ የለውም። የሞተ ይለቀስለታል፤ የጠፋ ሰው ግን ሞቷል ተብሎ አይለቀስለት፣ አለ ተብሎ ምሳ አይቀመጥለት። በእንዲህ ዓይነቱ ቤት ያደገ ልጅ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ በመስኮት አሻግሮ ቢመለከት ሰነፍ ነው ብለን ልንፈርድበት አይገባም።

የራሳችንን አካባቢ እናስቀድም። የ2011 ዓ.ም. መስከረም ወር ለአገራችን ሁለት ገጽ ያለው ወር ነበር። መስከረም 1 ቀን ዛላምበሳ ላይ የኢትዮጵያና የኤርትራ ድንበር ተከፍቶ ሃያ ዓመት የተለያዩ ዘመዳሞች በመንገድ ላይ ተቃቀፉ። በዚያው ወር በ16ኛው ቀን ደግሞ የካማሺ ዞን ባለሥልጣናት በመንገድ ላይ ተገደሉ፤ ከዚያ በኋላ በካማሺ ዞንና በአዋሳኙ የወለጋ ቀበሌዎች በተነሣው ግጭት ከመቶ ሺህ የሚበልጥ ሕዝብ ከቀዬው ተፈናቀለ። ኦሮሞው፣ ጉሙዙ፣ አማራው፣ ሁሉም በየፊናው ሸሸ። ወሩ የትምህርት ቤት መክፈቻ ወር መሆኑን ልብ እንበል። እንዲህ ባለ ጊዜ እናት የሚጠባውን ታዝላለች፣ አባት ከብቱን ፍለጋ ይወጣል፣ ትልቁ ልጅ ከነደብተሩ ትምህርት ቤት ነው። የሚሸሸው ሁሉ ወደ አንድ አቅጣጫ አይሸሽም።

መንገዱም ሌላ ችግር ነው። ከካማሺ ወደ ክልሉ ዋና ከተማ ወደ አሶሳ የሚሄድ ሰው ወለጋን አቋርጦ እንደሚያልፍ ለዚህ ጋዜጣ አንባቢ መንገር አያስፈልግም። ያ መንገድ ሲዘጋ አሶሳ ለሥልጠና የገባ የካማሺ ልጅ ወላጆቹን በስልክ እንኳ ሳያገኝ ስንት ጊዜ እንደ ቆየ ከመካከላችን የሚመሰክር አይጠፋም። መለያየት ሲባል ባሕር ማዶ ብቻ የሚመስለው ሰው ካለ ይህን ያስታውስ።

አሁን ጥቂት ወደ ኋላ እንመለስ፤ ምክንያቱም ይህ ክልል መለያየትን ያወቀው በ2011 ዓ.ም. አይደለም። በ1977 ዓ.ም. በረኃቡ ዘመን መንግሥት አንድ ሚሊዮን ተኩል ያህል ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሸዋ አንሥቶ በምዕራብና በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ለማስፈር ዐቀደ። እስከ 1978 ዓ.ም. ድረስ 600,000 ገደማ ሰው ተጓጓዘ። ከፊሉ ያኔ በወለጋ ክፍለ ሀገር ሥር ወደ ነበረችው አሶሳ፣ ከፊሉ ያኔ በጎጃም ክፍለ ሀገር ሥር ወደ ነበረው መተከል፣ ወደ ፓዌ ማለት ነው፣ መጣ። በፈቃዱ የተመዘገበ ነበር፤ ሳይወድ የተጫነም ነበር። እህል ሊቀበል ወይም ገበያ ሊውል እንደ ወጣ ተይዞ፣ ቤቱ ሳያውቅ የሄደ አለ። በመጠለያው አብሮ የነበረ ቤተሰብ እንኳ ሲጫን ባል በአንዱ መኪና፣ ሚስት በሌላው ሆነው፣ መኪኖቹም በየፊናቸው የሄዱበት ጊዜ ነበር። በአንቶኖቭ አውሮፕላን ተጭኖ የመጣው ደግሞ አገሩ በየት በኩል እንደ ቀረ እንኳ አያውቅም፤ በእግሩ የመጣ ሰው ቢያንስ የመጣበትን መንገድ ያውቃል።

የሰፈራ መንደሮቹ ብዙዎቹ የታወቁት በቁጥር ነው። እስከ ዛሬ በፓዌ «መንደር» ብለን፣ በአሶሳ ዙሪያ «አምባ»፣ «ሰልጋ»፣ «መገሌ» ብለን ከኋላ ቁጥር እንለጥፋለን። ለአስተዳደር ምቹ ነው፤ ለእናት ግን ምቹ አይደለም። ወሎ ውስጥ ያለች እናት «ልጄ አሶሳ ነው አሉኝ» ብትል፣ አሶሳ የት ስትባል ምን ትመልሳለች? ቁጥሩን የነገራት የለም። አሉላ ፓንክረስት ወለጋ ውስጥ ባለ አንድ የሰፈራ መንደር ከሰፋሪዎች ጋር ኖሮ ያጠናውን በ1992 እ.ኤ.አ. በመጽሐፍ አሳትሟል፤ የሰፋሪውን ኑሮ ከራሱ ከሰፋሪው አንደበት ለማወቅ ለሚፈልግ እጩ መምህር ጠቃሚ ሥራ ነው።

በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ ብዙ ሰፋሪ ወደ መጣበት ለመመለስ ተነሣ። እንግዲህ መገናኘት ቀላል የሚመስለው እዚህ ላይ ነው፤ ሰው አገሩ ገባ፣ እልል ተባለ፣ አለቀ። አላለቀም። ባልየው እዚያ ሌላ ትዳር መሥርቷል፤ ሚስትም እዚህ «ሞቷል» ተብላ ሌላ አግብታለች። መሬቱ ለሌላ ተደልድሏል። ልጁ በስድስት ዓመቱ ሄዶ በአሥራ ሁለት ዓመቱ ሲመለስ አያቱን አያውቃት፣ እርሷም አታውቀው። የመገናኘት ቀን አንድ ቀን ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው አብሮ መኖር ግን ዓመታት የሚወስድ ሥራ ነው።

ሰፋሪው መጣ ስንል የመጣበት ምድር ባዶ እንዳልነበረ መዘንጋት የለብንም። የጉሙዝ ቤተሰቦችም ጫካቸው ሲመነጠር ከኖሩበት ገለል ለማለት ተገደዋል። እዚህ ላይ ከሌላ አካባቢ የሚመጣ መምህር ሊያውቀው የሚገባ ነገር አለ። በጉሙዝ ባህል እኅትን ሰጥቶ የሌላውን እኅት የማግባት የልውውጥ ጋብቻ የቆየ ሥርዓት ነው። የሁለት ቤት ትዳር እርስ በርሱ የተሳሰረ ስለ ሆነ አንዷ ሴት ከባሏ ብትለይ የሌላዋም ትዳር ይናጋል። ስለ ሥርዓቱ የየራሳችን አስተያየት ሊኖረን ይችላል፤ በሴት ልጅ ፈቃድ ላይ ያለው ጫና እውነት ነውና። ነገር ግን «አባት፣ እናት፣ ልጅ» የሚል ቅጽ ይዞ የሚሄድ መምህር፣ በዚያ ቅጽ ላይ የማይገባ ሰፊ ቤተሰብ እንዳለ አውቆ ይሂድ። ልጁ «ቤተሰቤ» ሲል የሚቆጥራቸው ሰዎች ከእኛ ቅጽ ሊበዙ ይችላሉ።

ከላይ ያነሣነው የኤርትራና የኢትዮጵያ ጉዳይ ሌላ ትምህርት አለው። በ1990 ዓ.ም. ጦርነቱ ሲጀመር ስልክ ተቆረጠ፣ በረራ ቆመ፤ ከሁለቱም ወገን በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ወደ ማዶ ተሻገሩ ወይም ተባረሩ። አባት አሥመራ፣ ልጆች አዲስ አበባ ሆነው የቀሩበት ቤት አለ። በ2010 ዓ.ም. ሐምሌ መጀመሪያ ስልክ ሲከፈት አንዳንዱ የሚደውልለት ዘመድ ቁጥር ስላልነበረው እንዲሁ በደፈናው ደውሎ ከማያውቀው ሰው ጋር ሰላም ይባባል ነበር። ሐምሌ 11 ቀን የኢትዮጵያ አየር መንገድ ወደ አሥመራ ሲበር አውሮፕላኑ ውስጥ ለቅሶና ጭፈራ ተቀላቀለ። ይሁን እንጂ ዛላምበሳ ከጥቂት ወራት በኋላ ተመልሶ ተዘጋ። በተከፈተበት ጊዜ ያልተሻገረ ሰው ባለበት ቀረ።

እስቲ አሁን ደግሞ ራቅ ብለን ቻይናን እንመልከት። ቻይናን የመረጥንበት ምክንያት በዚያ አገር የቤተሰብ መገናኘት ራሱን የቻለ ትልቅ የባህል ጉዳይ በመሆኑ ነው። በቋንቋቸው «ቱዋንዩዋን» ይሉታል፤ ቃሉ ውስጥ «ክብ» የሚል ፍች አለበት። በስምንተኛው ወራቸው በ15ኛው ቀን ጨረቃ ስትሞላ ቤተሰብ ተሰብስቦ ክብ ኬክ ይቆርሳል። የዘመን መለወጫቸው ዋዜማ እራት ደግሞ የመገናኛ እራት ይባላል፤ ያን ዕለት ከቤት መቅረት ነውር ነው። የጉራጌ ልጅ ለመስቀል አገሩ እንደሚገባው ማለት ነው፤ ልዩነቱ የሰዉ ብዛት ላይ ነው። በበዓሉ ሰሞን ባሉት 40 የጉዞ ቀናት በ2019 እ.ኤ.አ. የተደረገው ጉዞ ሲቆጠር 3 ቢሊዮን ገደማ ደርሷል። (የሰው ቁጥር አይደለም፤ አንድ ሰው ሄዶ ሲመለስ፣ መኪና ሲቀያይርም ይቆጠራል።)

ታዲያ ይህን ያህል መገናኘትን የሚወድ ሕዝብ ለምን ይለያያል? አንዱ ምክንያት መዝገብ ነው። በ1958 እ.ኤ.አ. በወጣው ደንብ እያንዳንዱ ቻይናዊ በገጠሬነት ወይም በከተሜነት ተመዝግቧል። ገበሬው በኋላ ፋብሪካ ሊሠራ ወደ ከተማ ሲጎርፍ መዝገቡ ገጠር ቀረ፤ መዝገቡ ገጠር የሆነ ልጅ ደግሞ ከተማ ውስጥ ትምህርት ቤት ለመግባት ይቸገራል። ስለዚህ ወላጆች ልጆቻቸውን ለአያት ትተው ሄዱ። በ2013 እ.ኤ.አ. የመላ ቻይና ሴቶች ፌዴሬሽን ባወጣው ግምት እንዲህ በገጠር የቀሩት ልጆች 61 ሚሊዮን ነበሩ። እናቱን በዓመት አንድ ጊዜ የሚያይ ልጅ እናቱ ስትመጣ ከአያቱ ኋላ ይደበቃል። እናቷ ዐረብ አገር የሄደችበት፣ አባቱ ወርቅ ቁፋሮ ወጥቶ የቀረበት ተማሪ ያስተማረ ሁሉ ይህን ያውቀዋል።

ሌላው ምክንያት ጦርነት ነው። በ1949 እ.ኤ.አ. የእርስ በርስ ጦርነቱ ሲያበቃ ከአንድ ሚሊዮን የሚበልጥ ወታደርና ሲቪል ወደ ታይዋን ደሴት ተሻገረ። ቶሎ እንመለሳለን ብለው ነበር። ደብዳቤ እንኳ በሦስተኛ አገር፣ ለምሳሌ በሆንግ ኮንግ ዞሮ ካልሆነ አይደርስም ነበር። ዘመድ ለመጠየቅ ወደ አገር ቤት መሄድ የተፈቀደው በ1987 እ.ኤ.አ. መጨረሻ ነው፤ ከ38 ዓመት በኋላ። ማመልከቻውን ይቀበል የነበረው ቀይ መስቀል ነበር። በሃያ ዓመቱ የሄደ ወታደር በሃምሳ ስምንት ዓመቱ ሲመለስ አንዳንዱ ያገኘው የእናቱን መቃብር ነው። አንዳንዱ ሚስቱ ስትጠብቀው አገኛት፤ እርሱ ግን ደሴቱ ላይ ሌላ ቤተሰብ ነበረው። ከወሎ ሰፋሪ ታሪክ ጋር ያለውን መመሳሰል አንባቢ ራሱ ያያል።

ከቻይና ታሪኮች ሁሉ ለእኛ ለመምህራን የሚጠቅመው ግን የአንድ ሰው ታሪክ ነው። ሊ ጂንግዌይ ይባላል። በ1989 እ.ኤ.አ. የአራት ዓመት ልጅ ሳለ ከዩናን ክፍለ ሀገር በጎረቤት ተሰርቆ ከ1,500 ኪሎ ሜትር በላይ ርቆ ለሌላ ቤተሰብ ተሸጠ። የእውነተኛ ስሙን አያስታውስም፤ የወላጆቹንም ስም፣ የመንደሩንም ስም አያውቅም። የሚያስታውሰው ቀዬውን ነበር፤ የት ጋ ትምህርት ቤት እንዳለ፣ የት ጋ ቀርከሃ፣ የት ጋ ኩሬ። እንዳይረሳው በማለት ልጅ ሆኖ እየደጋገመ ይስለው እንደ ነበር ተናግሯል። በ2021 እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ ወር ያን ንድፍ በእጁ ሥሎ ለሕዝብ አሳየ። ፖሊስ ንድፉን ከአንድ መንደር ጋር አመሳሰለው፤ በደም ምርመራ ተረጋገጠ፤ ጥር 1 ቀን 2022 እ.ኤ.አ. ከ33 ዓመት በኋላ ከእናቱ ጋር ተገናኘ። አባቱ ግን ቀደም ብሎ ሞቶ ነበር።

የአራት ዓመት ሕፃን ስም ረስቶ መንገድ አልረሳም። እኛ ደግሞ በአካባቢ ሳይንስ ትምህርት «ከቤት እስከ ትምህርት ቤት ያለውን መንገድ ሣሉ» የምትለዋን መልመጃ ጊዜ ሲያጥረን የምንዘላት ናት።

የጠፋ ሰው የሚፈለግበት አሠራር ምን እንደሚመስል ብናውቅ የመልመጃዋ ዋጋ ይገባናል። የኢትዮጵያ ቀይ መስቀል ማኅበር በ1927 ዓ.ም. የተቋቋመ ሲሆን፣ ከዓለም አቀፉ የቀይ መስቀል ኮሚቴ ጋር ሆኖ የተለያዩ ቤተሰቦችን የማገናኘት ሥራ ይሠራል። ከሥራው አንዱ የቀይ መስቀል መልእክት ነው። ፖስታው የማይታሸግ፣ የቤተሰብ ወሬ ብቻ የሚጻፍበት ወረቀት ነው፤ «ደኅና ነኝ፣ ወንድሜ አግብቷል፣ አያቴ አርፋለች» የመሰለ። ድንበሩ ተዘግቶ በነበረበት ዘመን በኢትዮጵያና በኤርትራ መካከል ከዘመድ ለዘመድ የተላለፈ እንዲህ ያለ ወረቀት አለ። በክልላችንም የሱዳን ስደተኞች በሰፈሩባቸው በሸርቆሌና በባምባሲ፣ ከ2015 ዓ.ም. ጦርነት ወዲህም በኩርሙክ በኩል ከሚገቡት መካከል፣ ወላጆቻቸውን የሚፈልጉ ልጆች አሉ። በመዝገብ ሁለት ዓይነት ተብለው ይለያሉ፤ ያለ ምንም አሳዳጊ ብቻውን የመጣ ልጅና ከወላጆቹ ተለይቶ ከሌላ ዘመድ ጋር የመጣ ልጅ። የእኛ የሁለተኛ ክፍል ልጅ ከሁለተኛው ዓይነት ነው።

ፍለጋው የሚጀምረው ስም በመጠየቅ ነው። በአገራችን ደግሞ የቤተሰብ የጋራ ስም የለም፤ የልጁ ስም፣ የአባቱ፣ የአያቱ፣ በቃ። እናት በልጇ ስም ውስጥ የለችም። ስለዚህ የእናት ስም ካልተጻፈ ልጁን ከእናቱ ጋር የሚያይዝ አንድም ፊደል የለም ማለት ነው። ደግሞም አንድ ሰው ብዙ ስም አለው፤ የመዝገብ ስም፣ የክርስትና ስም፣ የቤት ስም። እናት በሰፈር የምትታወቀው «የእገሌ እናት» ተብላ ሊሆን ይችላል። የሆሄው ነገር ሌላ ጣጣ ነው። አንዱ ኃይሉን በኀ፣ ሌላው በሀ ይጽፈዋል፤ ዝርዝር አገላባጩ አንዱን አግኝቶ ሌላውን ያልፈዋል። ስለ ሞክሼ ፊደላት የሚደረገው ክርክር የሊቃውንት ጨዋታ ብቻ የሚመስለን ተሳስተናል።

ይህን ጽሑፍ ለጋዜጣው ስናዘጋጅ አንድ አሠልጣኛችን «ይህ የቀበሌ ሥራ እንጂ የመምህር ሥራ አይደለም» የሚል አስተያየት ሰጥተው ነበር። አስተያየታቸውን እናከብራለን። ነገር ግን በ2011 ዓ.ም. የቀበሌው ሹምም ተፈናቅሏል፤ ልጁ ደግሞ ተፈናቅሎ በሄደበት መጀመሪያ የገባው ትምህርት ቤት ነው። ዱሮም ቢሆን የገጠር መምህር የመንደሩ ደብዳቤ ጸሐፊ ነበር።

እንግዲህ ለልምምድ ስትወጡ እንዲህ ብታደርጉ። የስም መዝገብ ስትሞሉ ልጁን በክፍል ፊት «እናትህ የት ናት?» ብላችሁ አትጠይቁት፤ እኛ ያደረግነውን ስሕተት አትድገሙት። በእረፍት ሰዓት ለብቻው፣ ወይም አሳዳጊውን ጠርታችሁ ጠይቁ። ሦስት ትውልድ ስም፣ የእናት ስም ከነአባቷ፣ የቤት ስም ካለ እርሱም ይጻፍ። የቀዬውን ስም ልጁ እንደሚጠራው ጻፉት። በጉምዝኛ የሚጠራ ወንዝ ወይም ተራራ ከሆነ በጉምዝኛው፤ ለእኛ አፍ እንዲመች ብለን ያጣመምነው ስም ዘመዱ ሲያነበው አይገባውም። በአካባቢ ሳይንስ ክፍለ ጊዜ መንገዱን ያሥሉ። ፀሐይ በየት በኩል እንደምትወጣ፣ ወንዙ በየት እንደሚታለፍ፣ ወፍጮ ቤቱ፣ ዋርካው፣ ቤተ ክርስቲያኑ ወይም መስጊዱ ይግባበት። ሥዕሉ ባያምርም ማርክ አይቀነስ። ቀዬውን መሣል የማይፈልግ፣ ወይም የተቃጠለ ቤት የሚሥል ልጅ ቢኖር ዝም ብላችሁ ተቀበሉት፤ ለክፍሉ እንዲያሳይም አታስገድዱት።

አንድ ጥንቃቄ እንጨምር። ከላይ እንዳየነው መዝገብ ያገናኛል፤ መዝገብ ይለያያልም። የማን ልጅ ከየት እንደ መጣ፣ የማን ወገን እንደ ሆነ የሚናገር ወረቀት በክፉ ጊዜ በማይሆን እጅ ቢገባ ምን እንደሚያስከትል በዚህ አካባቢ ለኖረ ሰው ማብራራት አያሻም። ስለዚህ መዝገቡ ቁልፍ ባለው ሳጥን ይቀመጥ። ብሔር የሚል ዓምድ አትጨምሩበት፤ ለፍለጋ የሚያገለግለው ስምና ቦታ ነው። «የልጁ አጎት ነኝ» ብሎ የመጣን ሁሉ አምናችሁ ልጁን አታስረክቡ፤ ሊ ጂንግዌይን የወሰደውም የሚያውቀው ጎረቤት ነበር። ዝምድናው እስኪጣራና ልጁም አዎ እስኪል ድረስ ጉዳዩ በሚመለከታቸው በኩል ይታይ።

ወደዚያ ትምህርት ቤት ተመልሰን ነበር። አክስቲቱን አገኘናት። የእናቱን ስም ከነአባቷ፣ መጨረሻ የታየችበትን ቦታ፣ የነበሩበትን መንደር ነገረችን፤ ሰረዟን ሰርዘን ስሙን ጻፍን። ልጁም መንገዱን ሥሎልናል። ሁለት ወንዝ አለበት፤ አክስቱ ግን አንድ ወንዝ ብቻ ነው የምታውቀው። የትኛው ልክ እንደ ሆነ ገና አላጣራንም። ወረቀቱ ከቀይ መስቀል ቅጽ ጋር ተያይዞ ሄዷል።

ከዚህ ጽሑፍ በስተቀኝ ባዶ ወረቀት ለጥፈናል፤ እርሳስ በክር ታስሮ ተንጠልጥሏል። ማንም አሠልጣኝ ወይም ሠልጣኝ በልጅነቱ ከቤት እስከ ትምህርት ቤት የሄደበትን መንገድ ይሣልበት። ስም መጻፍ ግዴታ አይደለም። እርሳሱን ግን እባካችሁ ቦታው መልሱት፤ ባለፈው እትም ሁለት ጠፍቶብናል።